የእናትሽ ጩኮ

ልጄ ሰቢሪና፣ የአላህ ሰላም አዳማ ድረስ ይድረስሽ። እዚህ ሮቤ ብርዱ ከመክበዱ በቀር እኔ ደህና ነኝ፣ አልሐምዱሊላህ።

እናትሽ የጩኮ አሠራሯን ተኝታ እየነገረችኝ ጻፍኩት። "ገብሱ ተቆልቶ ይፈጫል፣ በቅቤ ይታሻል" አለች።

"ቅቤው ስንት ነው?"

"እጅህ እስኪጠግብ። አንተ ሰውዬ፣ ጩኮ በልክ ሲታሽ የት አየህ?" ብላ ሳቀችብኝ። እኔ ግን ያለ ልክ አልጽፍም ብዬ ሦስት ጭልፋ አልኩ።

አሁን ሾርባም አትፈልግም። ጽሑፉን ግን በየቀኑ ታስነብበኛለች፤ ቅቤው ጋ ስደርስ "ድገመው" ትላለች። ትናንት እንደጻፍኩት አሽቼ አቀረብኩላት። አሸተተችና "ቅቤው አንሶታል፤ ይሁን፣ ለሰቢሪና አስቀምጥላት" አለች።

ነይ አላልኩሽም፤ ሥራ እንዳለሽ አውቃለሁ። ጩኮው ግን ለእኔ ለብቻዬ ይበዛል።

አላህ መንገድሽን ያቅና።

አባትሽ ዲኖ