ወስኑ ተብለው ወሰኑ

ውድ አባዬ፣

ከተለየኸን ክረምቱ ገብቶ ወጣ። እስካሁን ሳልጽፍልህ የቆየሁት ረስቼህ እንዳይመስልህ፤ የምነግርህ ነገር ከእጄ አልወጣ ብሎኝ ነው። ለእማዬ ደፍሬ አልነገርኳት። ታዲያ ለማን ልንገር?

እማዬ ደህና ናት፤ ጉልበቷ ብቻ ያስቸግራታል። ጎረቤታችን ሃዋ ዛሬም ጠዋት ጠዋት ሻሂ በወተት ይዛላት ትመጣለች። አልጋህን ወደ ግድግዳው አስጠግተነዋል። በሩ ላይ ግን በቀይ ቀለም ምልክት አድርገውበታል። አዎ፣ አያቴ በወታደርነት ወደዚህ ከተማ መጥቶ በሠራው፣ አንተም እኔም በተወለድንበት ቤት በር ላይ። ሊያፈርሱት ነው፣ አባዬ።

ለውጥ መጣ የተባለ ሰሞን፣ ቤቱ በስሜ ይሁን፣ ካርታ ይሰጠኝ ብለህ ለመሬት ቢሮው ማመልከቻ ስታስገባ ትዝ ይለኛል። ከዚያ በኋላ ያለውን መመላለስ ይቅር፣ አላነሳውም። ኃላፊው ስብሰባ ላይ ነው፣ ኃላፊው ከከተማ ወጥቷል፣ ኃላፊው ተቀይሯል። እሺም እምቢም የሚልህ ጠፋ። ተወው አቦ ስልህ ተቆጣኸኝ። ሰው ጠይቆ እንዴት መልስ ያጣል ብለህ ቢሮውን ከሰስክ። ሰፈሩ ሁሉ አብዷል አለህ።

ረታህ! ቢሮው ማመልከቻህን አይቶ በአንድ ወር ውስጥ ውሳኔ እንዲሰጥ ፍርድ ቤቱ አዘዘ። እኔማ፣ ወስኑ ነው እንጂ ካርታ ስጡት አላለም ብዬህ ነበር። አንተ ግን ማስረጃዬ ሙሉ ነው፣ አንዴ ካነበቡት በምን አንጀታቸው እምቢ ይሉኛል አልክ። በግ አረድክ፤ ለሙስሊም ጎረቤቶቻችን ደግሞ የሃዋ ባል ፍየል ባርኮ አረደልን። ዘመድ ከቀብሪበያ ከተማ ሳይቀር መጣ። የሠርግህን ኮት ለብሰህ ግቢው መሃል እስክስታ ስትወርድ፣ እማዬ በነጠላዋ አፏን ሸፍና ትስቅ ነበር። እንደዚያ ቀን ደስ ብሎህ አይቼህ አላውቅም። ሳምንት እንኳ ሳይሞላ ደም ግፊትህ ተነሳና አጣንህ።

መልሱ የመጣው አርባህ ሳይወጣ ነው። ቢሮው የፍርድ ቤቱን ትእዛዝ አክብሮ ወሰነ፦ ቦታው የመንግሥት ነው፣ ያለ ፈቃድ የተያዘ ነው፣ ይለቀቅ። አነበቡት እኮ፣ አባዬ። አንብበው ነው እንዲህ ያሉት።

ላነጋግራቸው ሄድኩ። ኃላፊው ክፉ ሰው አይደለም፣ ወንበር ሰጠኝ። እናንተ ባትወተውቱን ማን ያያችሁ ነበር፣ ወስኑ ብላችሁ ያስገደዳችሁን ራሳችሁ ናችሁ አለኝ። ሃዋም እንደ እኛ ካርታ የላትም። አንድም ቀን ቢሮ ደጃፍ ቆማ አታውቅም፤ ቤቷ ውስጥ በሰላም ተቀምጣለች። ይኸው አሁን እኛን ስታይ ታለቅሳለች። ጠበቃ አማከርኩ፣ ከእንግዲህ መንገድ የለም አለኝ። እውነቱን ልንገርህ፣ እኔም ደክሞኛል። ተስፋ የሚባል ነገር የለኝም።

እማዬ የምታውቀው አንተ እንደረታህ፣ እነሱ ደግሞ ሞትህን አይተው ፍርዱን እንደጣሱ ነው። አባትሽ ቢኖር ማን ይነካን ነበር ትላለች። እንደገና ክሰሻቸው ትለኛለች፤ እሺ እላታለሁ። በሚቀጥለው ሳምንት ቀብሪበያ አክስቴ ዘንድ አንድ ክፍል እንገባለን። መቃብርህን የሚጠርግ እንኳ አይኖርም። በተመቸኝ ጊዜ ሁሉ ሚኒባስ ይዤ እመጣለሁ።

ቤቱን ያሳጣን ያ ያስጨፈረህ ፍርድ መሆኑን እማዬ ከእኔ አትሰማም፤ ይህን ቃል እገባልሃለሁ። አልረሳህም። ነገ የምወልዳቸውን ልጆቼን አያታችሁ መንግሥትን ከሶ የረታ ሰው ነው እላቸዋለሁ። ታዲያ ቤቱ የት አለ ብለው የጠየቁኝ ቀን ምን እንደምላቸው ግን አላውቅም።

ልጅህ ትዕግሥት