ለጌም የተጾመ ጾም

አጵሎስ፣

ተኝተሃል፤ ሐዘንተኛ መቀስቀስ ነውር ስለሆነ ትቼሃለሁ።

የወደድከው ጌም የዓመቱ ምርጥ ለመባል ታጭቶ፣ በሽልማቱ ሥነ ሥርዓት ላይ በሌላ ጌም መሸነፉ ያሳዝናል። ላፕቶፕህ ስለማይችለው አንድ ቀን እንኳ ተጫውተኸው አለማወቅህ ደግሞ የባሰ ያሳዝናል።

ወደ ቁም ነገሩ ልምጣ። በጸሎት ፕሮግራሙ ላይ "በልቤ የያዝኩት ጉዳይ አለ፣ እንዲሳካ ጸልዩልኝ" ስትል፣ አከራያችን እማማ ርብቃ የውጭ አገር ስኮላርሺፕ መስሏቸው ጾሙልህ።
አዎ፣ ለጌም።
ትናንት ምግብ እምቢ ማለትህን ስለሰሙ፣ ዛሬ ከአምልኮ በኋላ ሊያጽናኑህ ይመጣሉ። ቅቤ የጠገበ የቡላ አተካና ሠርተውልሃል። ፊትህን ታጠብ። ቲሸርትህንም ቀይር፣ የጌሙ ሥዕል አለበት።

ምን እንደምትላቸው አንተ ታውቃለህ። እኔ አገር ቤት፣ አንጋጫ ሄጃለሁ።

በዚያው ፕሮግራም እኔም ጸልዩልኝ ብዬ ነበር። አንተ ስልክህ ላይ ስለነበርክ አልሰማህም።
እናቴ ነገ ኦፕራሲዮን ትገባለች።

ለጌምህ ከጾሙት የተረፈ ካለ፣ ለእሷ ያድርጉልኝ በላቸው።

ሚክያስ