አንድ መብራት፣ ሁለት ሪሞት

ሰኞ፣ ኅዳር 8። ማታ

ከቢሮ በቀጥታ መጋላ፣ ሐምዲ ቤት። የመብራቱን ገመድ ኮርኒሱ ዙሪያ ለጥፌ ጨረስኩ። ሁለቴ ተላቀቀ፤ በዚህ የድሬ ሙቀት ሙጫው ይቀልጣል። መጨረሻ ላይ በፕላስተር አሰርኩት። አቦ፣ ከፈለገ አሁን ይውደቅ።

ከዚያ ሪሞቱ። ብጫነው፣ ብጫነው፣ ዝም። ሐምዲ ሶፋው ላይ ተጋድማ በሳቅ ትሞታለች። ታይዋን ገበያ መብራቱን ለሸጠልን ለአብዲ ደወልኩ። መጀመሪያ አስተዋውቂያቸው አለኝ። ማንን ከማን? ሪሞቱን ከመብራቱ ጋር። ሶኬቱን ነቅለሽ መልሰሽ ትሰኪያለሽ፤ መብራቱ ገና ሲነቃ ቶሎ ብለሽ ማብሪያውን ተጭነሽ ትይዣለሽ፤ ብልጭ ብልጭ ካለ ተዋወቁ። ሰካሁ፣ ተጫንኩ፣ ብልጭ አለ። ክፍሉ በሙሉ ሮዝ ሆነ። ሐምዲ ጮኸች።

አንቺ ደብተር፣ ነገሩን ላስረዳሽ። የዛሬ ሳምንት ሐሙስ ሐምዲ እዚህ ክፍል ውስጥ ሂና ትቀባለች። ዓርብ ኒካ። እሑድ ባሏ ወዳለበት ጅግጅጋ። የሙሽራዋ መኪና ውስጥ እናቷ፣ አክስቷ፣ እና አንድ ጓደኛ። አንድ ብቻ! ማን እንደሆነች ሐምዲ ገና አልተናገረችም። መናገር ያስፈልጋታል እንዴ? ከአራተኛ ክፍል ጀምሮ አንድ ዴስክ ላይ ነው ያደግነው።


ማክሰኞ፣ ኅዳር 9። ምሳ ሰዓት፣ ቢሮ

ኪያ። ይቺን ሴትዮ እስከ ዛሬ አልጻፍኳትም፣ አፌ ላይም እንድትመጣ ስለማልፈልግ ነው። ከአዳማ ከመጣች ዓመት አልሞላትም። ከሐምዲ ጨርቅ ቤት አጠገብ ሱቅ ተከራይታ ጥፍርና ሜካፕ ትሠራለች፤ የሠርግ ዲኮርም እችላለሁ ትላለች። ምን የማትችለው አለ!

ትናንት እኔ ከወጣሁ በኋላ መጥታ ክፍሉን አየችው አሉ። ይሄ ብቻውን አይበቃም አለች። ዛሬ ጠዋት ሌላ ገመድ ገዝታ ከሙሽራዋ ሶፋ ጀርባ ለጠፈች። ከዚያው ከአብዲ። ያው ዓይነት፣ ያው ነጭ ሪሞት። ሐ. ቪዲዮውን ላከችልኝ።

ያምራል። የሚያናድደኝ እሱ ነው።

ሌላም አለ። ለሐ. ሴት ሁሉ አባዮ ናት፤ በሶማሊኛ እህቴ እንደማለት ነው። ደንበኛዋንም፣ ቲማቲም ሻጯንም፣ መንገድ የምትጠይቃትንም አባዮ ትላለች። ግድ የለኝም። እኔን ስትጠራ ግን "ባ"ዋን ትስባታለች። አባ—ዮ። ያቺ የኔ ናት። ቪዲዮው መጨረሻ ላይ ኪ.ን ስትጠራት ሰማሁ። ሳበቻት! ደጋግሜ ከፍቼ ሰማሁት። በደንብ አድርጋ ነው የሳበቻት።

የጉምሩክ ዲክላራሲዮን ሁለቴ ተሳስቼ ጻፍኩ። አለቃዬ ምን ሆነሻል አለኝ። ሙቀቱ ነው አልኩ።


ረቡዕ፣ ኅዳር 10። ማታ

ሦስታችን ክፍሉ ውስጥ። ሆዮም አለች፤ የሐ. እናት ናት፣ እኔም ከልጅነቴ ሆዮ ነው የምላት። ሐ. እና ኪ. በኦሮምኛ ያወራሉ። እኔ የገበያውን ኦሮምኛ እንጂ የሳቁን አልችልም። እነሱ ስቀው ሲጨርሱ ነው እኔ የምጀምረው። ሰው ያስቃል የኔ ነገር።

መብራት ጠፋ። ቬንትሌተሩ ቆመ፤ በጨለማ ላባችንን እየጠረግን ቁጭ። ሆዮ በካርቶን ታራግብልናለች። ቆይቶ፣ መጣ! ሰፈሩ እንዳለ ጮኸ፣ እኛም ጮህን። ኪ. ሪሞቷን አነሳች፣ እኔም የኔን። ማን ቀድማ ታበራለች ብለን እኩል ተጫንን፣ ይዘን ቀረን። ሁለቱም መብራት ብልጭ ብልጭ አለ። ተሳሳቅን። እኔም ሳቅሁ፣ አልዋሽሽም። ለአንድ አፍታ ደህና ልጅ መሰለችኝ።


ዓርብ፣ ኅዳር 12

ደህና ልጅ! ወይ እኔ።

ኮርኒሱን ሮዝ አደርጋለሁ፣ አረንጓዴ ይሆናል። እመልሰዋለሁ፣ ሐምራዊ። ዞር ስል ኪ. ሪሞቷን ይዛ ቆማለች፣ አፏን ከፍታ። ምነው የሶፋዬን ቀለም ትቀይሪብኛለሽ አለችኝ። እኔን! የራሷን እየሠራች እኔን ትከሳለች። ነጭ አደረግሁት፤ ቀይ አደረገችው። አጠፋሁት፤ አበራችው። ክፍሉ የናይት ክለብ መሰለ። የሐ. አክስት በሩን ከፍታ አየችን፣ አስተግፊሩላህ ብላ ዘጋችው።

ደሜ ፈልቷል። ሆን ብላ ነው። የኔ ሥራ ተበላሽቶ እሷ እንድታስተካክለው።


ቅዳሜ፣ ኅዳር 13

ለሐ. ነገርኳት። ይቺ ልጅ ነገረኛ ናት፣ ተጠንቀቂያት፣ መብራቴን ሆን ብላ ታበላሻለች አልኳት። ሌላም ጨመርኩ፣ መጻፍ አልፈልግም። ሐ. ጨርቅ እየለካች ሰማችኝ። ደክሟታል። ሮሚ፣ በአላህ ተዪኝ፣ ለሠርጌ ነው ወይስ ለሪሞት ነው የምትመጡት አለች።

ከዚያ ሜትሩን አስቀምጣ፣ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ፣ ምክር ጠየቀችኝ። ጅግጅጋ መንገዱ ረጅም ነው፣ ላብ ነው፣ እዚያ ስትወርድ የባሏ ዘመዶች በሙሉ ቆመው ነው የሚጠብቋት። ሜካፕ የሚያድስላት ሰው ያስፈልጋታል። መኪናው ውስጥ ኪያ ብትሆን ይሻል ይሆን?

ምክር! ከኔ! ቦታሽን አሳልፌ ልስጥ ወይ ብላ እኔኑ ታማክረኛለች። አንቺ ታውቂያለሽ አልኳት። ባጃጅ ውስጥ እስከ ሳቢያን፣ እስከ ቤቴ፣ አለቀስኩ። ሾፌሩ በመስታወት እያየኝ ሙዚቃውን ቀነሰልኝ። መቀነሱ ባሰብኝ።


እሑድ፣ ኅዳር 14

ከቅዳሴ ስወጣ ታይዋን፣ አብዲ ጋ። ልጮህበት ነበር የሄድኩት፤ የተበላሸ ዕቃ ሸጥክልኝ ልለው። ሰምቶኝ ሲያበቃ ሳቀ። መብራት ጠፍቶ ሲመጣ ሁለታችሁም ተጭናችሁ ነበር? አለ። ነበር። በቃ፣ መብራት ሲመጣ ሶኬት ነቅሎ እንደመሰካት ነው፤ ሁለቱም መብራት ሁለቱንም ሪሞት ተዋወቀ። ምንም አልተበላሸም። በድሬ መብራት ሁሌ የሚያጋጥመው ነው ብሎ፣ አንዱ መብራት ብዙ ሪሞት ይችላል አለኝ፣ ምን ቸገረሽ።

ምን ቸገረኝ። እሱ ምን ያውቃል!

ኪ. ምንም አላደረገችም ማለት ነው። እሷም ልክ እንደኔ ግራ ገብቷት ነበር። ሄጄ ለሐ. መንገር አለብኝ። እነግራታለሁ።

ከመውጣቴ በፊት አብዲን ሌላ ነገር ጠየቅሁት። እንዲያው ለማወቅ ያህል። አንዱን ሪሞት እንዲረሳ ማድረግስ ይቻላል? ይቻላል። ሁሉንም ታስረሺውና የምትፈልጊውን ብቻ መልሰሽ ታስተዋውቂዋለሽ። አሠራሩን አሳየኝ። ቀላል ነው።


ማክሰኞ፣ ኅዳር 16

አልነገርኳትም። ልነግራት ሄጄ ነበር፣ እሷ ቀደመችኝ። ወሰነች። ኪያ ናት የምትሄደው። እጄን ይዛ ነው የነገረችኝ። ሮሚ አንቺ እኮ ቤተሰብ ነሽ፣ አንቺ አትቀየሚኝም አለችኝ።

እሺ አልኩ። ጥሩ ነው አልኩ። ፈገግ አልኩ፣ ጉንጬን እስኪያመኝ። ሆዮ ጾም መያዜን አስታውሳ ለብቻ ምስር ወጥ አሠርታልኝ ነበር፤ በእንጀራው ሸፍኜ ተውኩት።

ቤተሰብ ነሽ ማለት እኮ የትም አትሄጂም ማለት ነው። እንግዳዋ ትከበር፣ ሮማን ትቻለው። አንጀቴ አርሯል፣ ደብተሬ። ቅናት ነው? አዎ፣ ቅናት ነው። ስሙን አልደብቅሽም። ዓመት ያልሞላት ልጅ ምን ቤት ናት?


ሐሙስ፣ ኅዳር 18። ከቀኑ 9፡30

አደረግሁት።

ሐ. ፀጉር ቤት ናት። ሆዮ ከሴቶቹ ጋር ጓሮ ሩዝ ትለቅማለች። ክፍሉ ውስጥ ብቻዬን ነበርኩ። ነቀልኩ፣ ሰካሁ፣ አብዲ እንዳሳየኝ ተጫንኩ። ሁለቱም መብራት ፈጠን ፈጠን ብሎ ብልጭ አለ፣ ረሳ። የኔን ብቻ መልሼ አስተዋወቅሁ። የኪ. ሪሞት መስኮቱ ላይ ነበር፤ ሞከርኩት። ዝም።

ምን አጠፋሁ? ሰው አልገደልኩ። ዛሬ ማታ በዚያ ሁሉ ሴት ፊት ሪሞቷን ብትጫን፣ ብትጫን፣ እምቢ ይበላት። ትንሽ ትፈር። ከዚያ እኔ አበራዋለሁ። ሐ. ዞር ብላ ታየኛለች።

አትፍረጂብኝ። ልብሴን ልቀይር።


ዓርብ፣ ኅዳር 19። ጠዋት፣ ቢሮ አልሄድኩም

በተራ ልጻፈው።

ክፍሉ በሴት ሞልቷል። ዲራዕ ቀሚስ፣ ሽቶ፣ ከበሮ። አምፖሉን አጠፉት፣ ሙሽራዋ ልትገባ ነው። እኔ በሩ ጋ፣ ሪሞቴ ቦርሳዬ ውስጥ። ኪ.ን በጨለማ ፈለግኳት። ጥግ ላይ፣ ባዶ እጇን። ባዶ እጇን ናት! ምን ማለት ነው ስል ሐምዲ ገባች። እልልታ። መሃል ላይ ቆመች። ከሻርቧ ስር የኪ.ን ሪሞት አወጣች።

ሐምዲ ራሷ።

ለካ ሁለቱ ተማክረው ነበር። ሆዮን ለማስደሰት። ሐምዲ በገዛ እጇ ልታበራላት። እናቷን በሶማሊኛ ጠርታ፣ እዪ አለቻት። ተጫነች።

ምንም።

እንደገና ተጫነች። እልልታው መሃል ላይ ተቆረጠ። አንዷ ሳቀች። አክስቷ ገዱ ጥሩ አይደለም፣ ጥሩ አይደለም እያለች ማጉተምተም ጀመረች። ሐምዲ በጨለማ ተጫነች፣ ተጫነች፤ የፕላስቲኩ ጠቅ ጠቅ ብቻ ይሰማል። ሆዮ አሁንም ወደ ኮርኒሱ አንጋጣ ትጠብቃለች። ምድር ተከፍታ ብትውጠኝ!

ቦርሳዬ ውስጥ እጄን ሰድጄ ተጫንኩ። ሮዝ። ጭብጨባ። ማን ነው ያበራው? ሮማን! ሮማን ናት! ሐምዲ አንገቴ ላይ ተጠመጠመች፣ ኩሏ ጉንጬ ላይ ወረደ። አባ—ዮ አለችኝ፣ ሰው ሁሉ እየሰማ።

ከዚያ ዞራ ሪሞቱን ኪያ እግር ስር ወረወረችው።


ቅዳሜ፣ ኅዳር 20። ከጠዋቱ 4 ሰዓት

ትናንት ከኒካው በኋላ ሐምዲ ደወለች። ኪያን አላናግራትም፣ አዋረደችኝ፣ እሑድ መኪናው ውስጥ አንቺ ነሽ የምትቀመጪው አለች። እሺ አልኳት። ደስ አለኝ። እርግጥ ደስ አለኝ፣ ቁጭ ብዬ ሻንጣ አዘጋጀሁ፣ የትኛውን ጫማ እንደማደርግ ሁሉ አሰብኩ።

ዛሬ ጠዋት በር ተንኳኳ። ኪያ ናት። ሳቢያን ድረስ ጠይቃ ጠይቃ መጥታ። ዓይኗ አብጧል። ልትጮህብኝ የመጣች መስሎኝ በሩን ግማሽ ያዝኩት። ቦርሳ ዘረጋችልኝ። የሜካፕ ቦርሳዋን።

እቤት ገብታ አንድ በአንድ አሳየችኝ። ይሄ ለላቧ፤ አትጥረጊው፣ ጫን ጫን ብቻ አድርጊው። ይሄ ለዓይኗ፤ ግራ ዓይኗ ቶሎ ያነባል። መንገድ ላይ ሳይሆን ልትደርሱ ስትሉ አድሽላት። በስልኳም ቀድታ ላከችልኝ። በሷ ቤት ጥፋቱ የሷ ነው፤ የሪሞቱን ባትሪ አስቀድሜ ማየት ነበረብኝ አለች። ሐምዲን ይቅርታ በዪልኝ፣ አንቺን ትሰማሻለች አለች። ውኃ እንኳን ሳትጠጣ ሄደች።

ቦርሳው አልጋዬ ላይ ነው። ከተቀመጥኩ ጀምሮ እያየሁት ነው።

ግራ ዓይኗ ቶሎ እንደሚያነባ እኔ አላውቅም ነበር። በዚህ ሁሉ ዓመት!

እሺ። መጋላ እሄዳለሁ። ባትሪው አይደለም፣ እኔ ነኝ እላታለሁ። ሆዮ ባለችበት። ያስረሳሁት እኔ ነኝ፣ ኪያ ምንም አላጠፋችም፣ ቦርሳውንም ወንበሩንም ለሷ መልሺ። ሐምዲ ስትቆጣ አውቃታለሁ፤ ትጮህ ቢሆን ጥሩ ነበር፣ ዝም ነው የምትለው። ነገ ሁለቱ አንድ መኪና ውስጥ ጎን ለጎን ሆነው፣ እስከ ጅግጅጋ በኦሮምኛ ስሜን እያነሱ ይሄዳሉ። ይሂዱ። አሁንም፣ ይሄን ስጽፍ እንኳ፣ ያንገበግበኛል። መስኮቱ ጋ የምትቀመጠው ኪያ ናት።

ባጃጁ በር ላይ ጥሩምባ ይነፋል። ልውጣ፣ ሐሳቤን ሳልቀይር።