ካውቦዩ ክፍል ሁለት፣ በአባዬ አፍ

ኅዳር 3
ልብስ ስተኩስ ዋልኩ። አባዬ መስኮቱ ሥር ጭጭ ብሏል። ዓይኑ ከጠፋ ወዲህ ወሬው ሁሉ «እህ» እና «ተዪኝ» ሆነ። ያ አፈ ጮሌ! ድሮ በቪዲዮ ቤታችን ማይክ ይዞ የውጭውን ፊልም በራሳችን ቋንቋ ሲያወራልን፣ ሰፈሩ በሳቅ ሲፈርስ... የት ገባ ያ ሰው? እንዲሁ እያየሁት ሊጠፋብኝ ነው።

ኅዳር 7
ጉድ! ሲኒማ ቤቱ በር ላይ ካውቦዩ፣ ክፍል ሁለት። ያ በጊዜ ባቡር ወደ ድሮ ዘመን የሚሄደው፣ አባዬ ስንቴ ያወራልን። ምስሉን አጥርተው፣ ድምፁን አድሰው እንደ አዲስ አወጡት። ፖስተሩ ፊት ፈዝዤ ቀረሁ። አንዷ ከኋላዬ «እሜቴ፣ እለፊ እንጂ!» አለችኝ።
ለአባዬ ነገርኩት።
«ለዕውር ሲኒማ ምን ያደርግለታል?»
«እኔ አወራልሃለኋ!»
«እህ።»
እምቢ ግን አላለም።

ኅዳር 10
ሄድን። ጆሮው ሥር ሹክ እለዋለሁ... አሁን አቧራ ነው፣ አሁን ፈረሱ ከባቡሩ ጋር እየሮጠ ነው። ሰማዩ ለካ እንዲህ ሰማያዊ ነበር? በእኛ ካሴት እኮ ግራጫ ነው። ልጅ ነኝ ወይስ ትልቅ? ሕልም ነው እንጂ ምን ይባላል...
ከዚያ መጨረሻው መጣ። ድሮ አባዬ ባቡሩ ሲያፏጭ «ካሴቱ እዚህ ጋ ተበላሽቷል» ብሎ ያጠፋና የቀረውን በአፉ ይነግረን ነበር። ካውቦዩ እዚያው ድሮ ዘመን ከወደዳት አስተማሪ ጋር ይቀራል፣ ባቡሩ ባዶውን ይሄዳል። እስከ ዛሬ የማውቀው ይሄንኑ ነው። ዛሬ ግን ተሳፈረ! እሷ ሐዲዱ ዳር ብቻዋን...
ለአባዬ መንገሩን ረስቼ ስክሪኑ ላይ አፈጠጥኩ።
«ምን ሆነ?» አለ አባዬ።
«ቀረ... አብሯት ቀረ፣ አባዬ።»
ሳቀ። ስንት ጊዜዬ ሳቁን ከሰማሁ! «ውሸታም። ሄዷል እኮ።»
«ታውቅ ነበር?»
«ታዲያስ! ካሴቱ ደህና ነበር። እናትሽን ቀብረን በተመለስንበት ሳምንት ነው መጀመሪያ ያሳየሁት። ከፊት ቁጭ ብለሽ ታዪኛለሽ... ትቷት ሄደ ልበልሽ? ከዚያ ወዲያማ ለመድኩት።»
ስለ እማዬ አንድም ቀን አንስቶልኝ አያውቅም። አለቀስኩ። እሱም። መብራቱ በርቶ ሰዉ ሲወጣ እኛ ቁጭ ብለናል።

ኅዳር 11
ጠዋት ቁርስ ላይ፣ ሳልጠይቀው ጀመረ። እማዬ ስትናደድ ጫማዋን እንደምትወረውር፣ ስትዘፍን ጎረቤት መስኮት እንደሚዘጋ፣ እኔን ስትወልድ ሐኪሙን እንደሰደበችው። በሳቅ ፈረስኩ። ሻዩ ቀዘቀዘ፣ ሥራ ረፈደብኝ፣ አላቋረጥኩትም።
ልጅ ሆኜ ስለሞተች ፊቷን እንኳ በደንብ አላስታውስም ነበር። ዛሬ እናት አለችኝ ብል ማን ይከለክለኛል?