መታጠቢያ ቤቱ ሳይፈርስ

ታኅሣሥ 3
ዛሬም ፊቴን ሳልታጠብ ትምህርት ቤት ሄድኩ። አባዬ መታጠቢያ ቤት ገብቶ አልወጣ አለ። ማንኳኳት ይቻል ነበር... አላንኳኳሁም። ያንን በር ካንኳኳሁ ሁለት ወር ሊሆነኝ ነው። የሒሳብ አስተማሪው ገና ሲያየኝ "ምነው፣ ትራስህንም ይዘኸው ብትመጣ!" አለኝ። ክፍሉ በሙሉ ሳቀ። ይሳቅ።

ስመለስ ከእኛ በታች ያለው ጎረቤት በራችን ላይ ቆሟል። ቧንቧችን አፍስሶ ጣሪያው እየተንጠባጠበ ነው። "ሳሎኔ ውስጥ ዣንጥላ ልዘርጋ እንዴ?" ይላል። አባዬ ይቅርታ ጠይቆ ሸኘው። ቅዳሜ፣ ታኅሣሥ 20፣ ሠራተኛ መጥቶ የመታጠቢያ ቤቱን ግድግዳ ሊያፈርስ ነው። ሴራሚኩ በሙሉ ይነሳል። እማዬ "አዲሱ ነጭ ይሁን" አለች። አባዬ "ነጭ ቆሻሻ ያሳያል" አለ። ግማሽ ሰዓት ስለ ቀለም ተከራከሩ። የታላቅ እህቴን የእቴቴን ፎጣ ግን እስከ ዛሬ ከመስቀያው ያወረደው የለም።

ታኅሣሥ 5
አጎቴ ሱቅ ሄድኩ። የእማዬ ታናሽ ወንድም ነው፣ ሬዲዮ ጠጋኝ። ለዓመታት ሲነካካት የኖረውን "ማሚቶ" የሚላትን መሣሪያ ዛሬ አሳየኝ። አሮጌ የሬዲዮ ሣጥን፣ ውስጡ የተጠመጠመ ሽቦ፣ ግድግዳ ላይ የሚለጠፍ ኩባያ የመሰለ ነገር፣ ወደ ፈለጉት ቀን የሚመልስ ማዞሪያ፣ አንድ የጆሮ ማዳመጫ። ግድግዳ ድምፅ ይይዛል ይላል። ምንጣፍና መጋረጃ ድምፅ ይበላሉ፣ ሴራሚክ ግን ያቆያል። ማሚቶ ያንን ፈልጋ ታሰማለች።

የሱቁን ግድግዳ አሰማኝ። አንድ ሰው "ነገ ይደርሳል ብለኸኝ ነበር እኮ!" እያለ ይጮሃል።
"የትኛው ደንበኛ ነው?" አልኩት።
"ሁሉም" አለኝ።

አውሰኝ አልኩት። ለምን አለ። ለእቴቴ... አልኩት። በጋዜጣ ጠቅልሎ ሰጠኝ።

ታኅሣሥ 6
እዚህ ልጻፈው። ማንም አያነበውም።

ጥቅምት 9 ጠዋት ፈተና ነበረኝ። እህቴ መታጠቢያ ቤት ገብታ አልወጣም አለች። በሩን በቡጢ ደበደብኩት። "እዚያው ቅሪ!" ብዬ ጮህኩ። ከውስጥ አንድ ነገር መለሰችልኝ። ምን እንዳለች አልሰማሁም፣ በር ዘግቼ እየወጣሁ ነበር። ከሰዓት በኋላ ሥራ ቦታዋ ወደቀች። ልቧ ነው አሉ። ሃያ ሁለት ዓመቷ ነበር።

ምን ነበር ያለችው? ተቀይማኝ ነበር? ሌላ ምንም አልፈልግም። ይችን ብቻ ልወቅ።

ታኅሣሥ 9
ከትምህርት ቤት ስመለስ ቤት ማንም የለም። ማሚቶን ከግድግዳው ለጠፍኳት። የቀኑን ማዞሪያ ወደ ኋላ አዞርኩ። አባዬ ሲያስነጥስ። አባዬ ሲጉመጠመጥ። አባዬ "ውሃ ሄደ!" ሲል። ይህ ሰውዬ ኑሮው እዚህ ነው እንዴ?

ጥቅምት 9 ላይ ስደርስ... የራሴ ጩኸት። እዚያው ቅሪ። መልሼ ሰማሁት። እዚያው ቅሪ። ከእሱ ሌላ ምንም የለም።

አጎቴ ጋ ደወልኩ። "ማሚቶ ከፍ ያለውን ታስቀድማለች" አለኝ። "በተሰማ ቁጥር ትንሽ ትንሽ ይሳሳል። እሱ ሲያልቅ ከሥሩ ያለው ይወጣል።"
"ስንት ጊዜ ልስማው?"
"እንደ ጩኸቱ ነዋ። ጮክ ብለህ ነበር?"
ስልኩን ወደ ሌላው ጆሮዬ አዛወርኩ።
"እንግዲህ ታገስ" አለኝ። መሣሪያ ሠርቶ ጩኸት ማጥፊያውን የረሳ ሰው ስለ ትዕግሥት ያስተምረኛል!

ታኅሣሥ 11
ሠላሳ አንድ ጊዜ። ድምፄ እንዲህ እንደሚያስጠላ የነገረኝ አልነበረም። "ቅሪ" ላይ ሲደርስ ይሰበራል።

ታኅሣሥ 14
እማዬ ሳትጠበቅ መጣችብኝ። "ምን ታደርጋለህ እዚያ ውስጥ?" ሆዴን አሞኝ ነው አልኳት። "ሳምንቱን ሙሉ?" ነገ ሐኪም ቤት ካልሄድክ አለችኝ። ለሆዴ ደህንነት ግማሽ ቀን ሊቃጠል ነው።

ታኅሣሥ 17
ሆዴ ደህና ነው፣ ሐኪሙ መስክሯል። ጩኸቴ ሳስቷል፣ ከመንገድ ማዶ የሚጮህ ሰው ይመስላል። ከሥሩ የሆነ ነገር አለ... ውሃ ነው? እሷ ናት?

ታኅሣሥ 19
ከትምህርት ቤት ስመጣ የመዶሻ ድምፅ ከደረጃው ተቀበለኝ። ሠራተኛው "ነገ ሌላ ቦታ ስለምፈለግ ዛሬውኑ ልጨርሰው" ብሎ መጥቷል። ቅዳሜ አላላችሁም እንዴ? ከመታጠቢያው በላይ ያለው ሴራሚክ መሬት ላይ ተከምሯል። የበሩ በኩል ብቻ ቀርቷል።

"ተው! እንዳትነካው!" ብዬ መዶሻውን ያዝኩ።
"ወንድሜ፣ ጣቴን ነው የያዝከው" አለ ሠራተኛው።
አባዬ ከሳሎን መጣ። "አብደሃል? ሰውየው ሥራ ላይ ነው!"

ከዚያ ሁሉንም ነገርኩት። እየጮህኩ። በሩን፣ ፈተናውን፣ ያልኳትን፣ ማሚቶን። እማዬ ኮሪደሩ ላይ ቆማ ሰማች። ሠራተኛው መዶሻውን አስቀምጦ "እኔ ሻይ ልጠጣ" ብሎ ወጣ።

ማሚቶን አምጥቼ በቀረው ግድግዳ ላይ ለጠፍኳት። አባዬ የጆሮ ማዳመጫውን ከእጄ ወሰደ። የመታጠቢያ ገንዳው ጠርዝ ላይ፣ ከነንጹህ ሱሪው አቧራው ላይ ተቀመጠ። አሰማሁት።
"አንተ ነህ ይኼ?"
"አዎ።"
"ከአንተ በፊት እኔ ደብድቤዋለሁ፣ ይህን በር" አለ አባዬ። "ያን ቀን። አልነገርኳችሁም።"

ማዳመጫውን አንዱን ጆሮ ለእሱ፣ አንዱን ለእኔ አድርገን ያዝነው። አምስት ጊዜ ደግመን ሰማነው። ስድስተኛው ላይ እኔ ጠፋሁ። የውሃ ድምፅ። ከዚያ እሷ፣ አፏን የጥርስ ሳሙና ሞልቶት፦

"ፊትህ እንደሆነ በውሃ አይለወጥ! ምን ያጣድፍሃል?"

ሳቀችም። ረጅም ሳቅ። እኔ ደረጃውን እየወረድኩ እያለ ይሆናል።

እማዬ ማዳመጫውን አልፈልግም አለች። "ምን አለች?" ብቻ አለችኝ። ነገርኳት። "እሷ ናት" አለችና ፊቷን በሻርፗ ሸፈነች። ትከሻዋ ይንቀጠቀጣል። እያለቀሰች ነው? እየሳቀች? ሁለቱንም መሰለኝ።

አራት ጊዜ ሰማነው። አምስተኛው ላይ ውሃው ብቻ ቀረ። ሠራተኛው ተመልሶ በበሩ ብቅ አለ፣ "ልቀጥል?" አባዬ እኔን አየ። ቀጥል አልኩት።

ጥር 8
ሴራሚኩ ነጭ ሆነ። ቆሻሻ ያሳያል። የታችኛው ጎረቤት ዣንጥላውን አጥፏል። ማሚቶን ለአጎቴ መለስኩ።

አባዬ ዛሬም ገብቶ ቀረ። የመጀመሪያው ክፍለ ጊዜ ሒሳብ ነው። ቆምኩ... ሰዓቴን አየሁ... አንኳኳሁ። ውሃው አልቆመም። በቡጢ ደበደብኩት።

"አባዬ! አረፈድኩ እኮ!"

ውሃው ቆመ። ከዚያ ከውስጥ፦

"ፊትህ እንደሆነ በውሃ አይለወጥ! ምን ያጣድፍሃል?"

ከወጥ ቤት በኩል የእማዬ ሳቅ ተሰማ።

አሥራ አምስት ደቂቃ አረፈድኩ። አስተማሪው በሩ ላይ አቆመኝ። "እሺ፣ የዛሬው ሰበብህስ ምንድን ነው?"

"ታጥቤ ነው" አልኩት።