አራቱ ቀጫጭን መጻሕፍትና የሒክመት ግጥም

ሰኞ፣ ኦክቶበር 6። ምሳ ሰዓት፣ ብሬክ ሩም (የሠራተኛ ማረፊያ)

ሁለተኛው መጽሐፍ፣ ገጽ 31። አሁንም ያስጠላል። ደብተሬ፣ አንተው ፍረድ። ሰውዬው ስለ ጥርስ ሳሙና ክዳን ሁለት ገጽ ጽፏል። ክዳኑ ወደቀ። አነሳው። እናቱ ትዝ አለችው። አለቀ። ቤት አይመታ፣ አይዜም። የወሎ መንዙማ ቢሆን አንዱ ሲያወጣ ጀመዓው ይቀበላል፣ ድቤው ይመታል፣ ሽማግሌው ዕንባውን በጋቢው ይጠርጋል። ይሄንን ማን ይቀበለዋል? ክዳኑ?

ግን ቃል ገብቻለሁ። ጥፋቱ የምላሴ ነው። ባለፈው ወር የእህቴ ልጅ ሒክመት (ከእንግዲህ ሒ. ብቻ፣ እጄ ሰነፍ ነው) እዚህ ፖላሪስ የምሠራበት ሱቅ መጥታ የግጥም መጽሐፍ ስታገላብጥ፣ ከዚህስ የመኪናዬ ማኑዋል ይሻላል፣ ቢያንስ መብራት ሲበላሽ ይረዳል አልኳት። ተናደደች። ስትናደድ አፍንጫዋ ይነፋል፣ ቁርጥ እናቷን። በማግስቱ አራት መጽሐፍ አሸከመችኝ። ጋሼ፣ ፈርስት አንብብ፣ ከዚያ ትሰድባለህ አለችኝ።

ነገሩ ቀልድ ብቻ ቢሆን በተውኩት። ስለ እናቷ፣ ስለ ታናሽ እህቴ ስለ ዘይነብ፣ ግጥም ጽፋለች። ዘይነብ ከሞተች ሦስት ዓመት ሊሞላት ነው። ሒ. ቅዳሜ ኦክቶበር 25 ፍራንክሊንተን ሰፈር፣ አንድ አሮጌ መጋዘን ውስጥ፣ ሰው ፊት ልታነበው ትፈልጋለች። ዘመድ ይመጣል፣ የመስጊድ ሰውም። የእናቷ ወንድም እኔ ብቻ ስለሆንኩ፣ እሺ ካላልኩ አታነብም። ግጥሙን የማየው ግን አራቱን ስጨርስ ነው። እንቢ ለማለት ተዘጋጅቻለሁ። የጎደለኝ ጥሩ ምክንያት ብቻ ነው።

ረቡዕ፣ ኦክቶበር 8

ሦስተኛው መጽሐፍ። ይኼስ ባሰ። ሴትዮዋ የአባቷን ስካር፣ የእናቷን የቀዶ ጥገና ጠባሳ፣ የባሏን የእግር ጥፍር ሳይቀር ዘርግፋዋለች። በኛ ሰው ሲሞት ደግ ደጉ ይነሳል፣ የቀረው አብሮ ይቀበራል። እነዚህ ቆፍረው ያወጡታል። ከመጽሐፉ ጀርባ ደግሞ ሽልማቷ ተደርድሯል! ለገመና ሽልማት። እጄን ታጠብኩ። እውነቴን ነው፣ ታጠብኩ።

እንቢ የምልበት ምክንያት ተገኘ።

ዓርብ፣ ኦክቶበር 10። ጧት

እትዬ ዘሃራ ከደሴ ደወለች። የሁላችንም ታላቅ እህት ናት፣ ከጁምዓ መልስ ሳትመርቀኝ ምሳ አትበላም። ያው ምርቃት፦ የዘይነብ ራስጌ ቁጭ ብለህ የቁርአኑን ያሲን ቀርተህላት የሸኘኻት፣ አላህ አንተንም ሰው አያሳጣህ። አሚን አልኩ። ቶሎ ብዬ ስለ ጉልበቷ ጠየቅኋት።

ከሥራ መልስ። ሸር አማረኝ። ብሬክ ሩም ፍሪጁ ላይ የተለጠፈውን ማስታወቂያ ገለበጥኩ። አንድም ቃል አልጨመርኩ፣ መስመሩን ብቻ ቆራረጥኩ። ወደ አማርኛ ሲመለስ፦

እዚህ የተተወ ምግብ
እስከ ዓርብ ካልተነሳ
ይጣላል
ከነዕቃው

ከሥሩ የማላውቀውን ፈረንጅ ስም ጻፍኩና ለሒ. ላክሁ። አዲስ ገጣሚ አገኘሁ፣ ልቤን ነካው አልኳት።

እሑድ፣ ኦክቶበር 12

አልተበላችም። ደውላ ሳቀችብኝ። ጋሼ፣ ይሄ ብሬክ ሩማችሁ ነው፣ ሽታው እዚህ ድረስ መጣ። ቀጥላ ግን፣ “ከነዕቃው”ን ለብቻው መስመር ላይ ለምን ጣልከው? ዛት ፓርት ኢዝ ጉድ፣ እሷ ቦታ ጥሩ ናት አለችኝ። አላውቅም አልኳት። እውነትም አላውቅም።

ማታ ማስታወቂያውን ደግሜ አየሁት። የዘይነብን ልብስ ከነሻንጣው ለመስጊድ የሰጠን ቀን ትዝ አለኝ። ዚፑን እንኳ አልከፈትንም። ከዚያ ተኛሁ። ማስታወቂያ እያነበበ የሚተክዝ ሽማግሌ ሆኛለሁ። ራሴን አስጠላሁት።

እሑድ፣ ኦክቶበር 19። ከሰዓት በኋላ

ዛሬ ተዋረድኩ። ከሥር ከመሠረቱ ልንገርህ።

ሒ. የምታነብበትን ቤት አስቀድሜ እንዳየው ወሰደችኝ። ሠላሳ ሰው በሚታጠፍ ወንበር ላይ፣ የጥርስ ሐኪም ተራ የሚጠብቅ ይመስላል። ጢሙን ያሳደገ ወጣት ተነሣ። የአባቱን ሞት አነበበ። ሬሳው ሲወጣ፣ ጫማው አልጋው ሥር ሲቀር። ሲጨርስ ሰዉ ምን ቢያደርግ ጥሩ ነው? በጭብጨባ ፈንታ ጣቱን አስጮኸ። ሞት ተነግሮ ጣት! አንድ እንኳ ነፍስ ይማር የሚል ጠፋ። ደሜ ፈላ።

እኔ ሳልል ልቀር? ሲያልቅ ሄጄ እጁን በሁለት እጄ ያዝኩ። በእንግሊዝኛዬ አላህ ያጽናህ አልኩት፣ መቼ ነው፣ ቀብሩ የት ነው፣ እናትህስ እንዴት ሆኑ። ልጁ ቀላ። ሒ. ከኋላ ጃኬቴን ትጎትታለች፦ “ጋሼ፣ ስቶፕ! ጋሼ በአላህ!” አጠገቡ ሁለት ካፖርት በክንዳቸው የያዙ ሽማግሌ ፈገግ አሉ። አባቱ ናቸው። ሟቹ! በሕይወት ያለ ሰው ፊት ለቅሶ ደረስኩ።

ሒ. መኪና ውስጥ እስክታለቅስ ሳቀች። በግጥም ውስጥ “እኔ” ያለው ገጣሚው ላይሆን እንደሚችል አስረዳችኝ። እንግዲያው ውሸታም ነዋ አልኳት። አባቱን ለጭብጨባ ገደለ፤ ያውም ለጣት።

አንድ ነገር ብቻ ይከነክነኛል። ሽማግሌውን ይቅርታ ስጠይቃቸው፣ ግድ የለም አሉኝ። ልጃቸው ማንም ሳይሰማ በፊት ለእሳቸው አንብቦላቸዋል። አንድ ቦታ ብቻ አሳረሙት፦ ጫማው ጥቁር ተብሎ ነበር፣ የእሳቸው ቡኒ ነው። ሌላውን ተዉት። ቆመው ሲነግሩኝ እግራቸውን አየሁ። ቡኒ ነው።

ማክሰኞ፣ ኦክቶበር 21

አራተኛው አለቀ። ከመቶ ሃያ ግጥም ሦስቱን ወደድኩ፣ እነሱንም ለሰው አልናገርም። ለሒ. ቴክስት አደረግሁ። ሉዊስ ሴንተር፣ ቤቴ ድረስ መጥታ ፖስታውን በር ላይ ሰጠችኝና ሳትገባ ሄደች። ሻይ አፍላልኝ ያላለችበት የመጀመሪያው ቀን።

መኪና ውስጥ ሆኜ አነበብኩት። ሁለት ገጽ። የመጀመሪያው በሕመሙ የረገፈው የዘይነብ ፀጉር ነው፣ ሻሿ ትራሱ ላይ። ይኸው፣ ገመና፣ ብዬ ልዘጋው ነበር።

ሁለተኛው ገጽ። ሆስፒታሉ፣ አራተኛ ፎቅ፣ መስኮት። ልጅቱ ወደ ታች ታያለች። ሦስተኛው ረድፍ ላይ የአጎቷ መኪና ቆሟል፣ ሞተሩ እንደበራ፣ ጭስ እየወጣ። አጎትየው መሪውን ይዞ ተቀምጧል። ሁለት ሰዓት ሙሉ። አይወጣም። እናትየዋ፣ ወንድሜ የት ደረሰ ትላለች። ልጅቱ፣ ፓርኪንግ እየፈለገ ነው ትላለች። እናትየዋ ትስቃለች፦ “ሁለት ሰዓት? ሹፌር ነኝ ብሎ!” ከዚያ በኋላ ሌላ ነገር አልተናገረችም።

ደብተሬ፣ ይኼ “እኔ” እውነተኛው ነው። አጎትየውም እኔ ነኝ። ራስጌዋ አልነበርኩም። ያሲን አልቀራሁላትም። ሊፍቱ ድረስ እንኳ አልሄድኩም። ለቀብሩ ሰው ራስጌዋ ነበርኩ አልኩ፣ ለደሴም አልኩ፣ ይኸው ወደ ሦስት ዓመት እመረቅበታለሁ። ልጅቱ ከመስኮት አይታኛለች። ሦስት ዓመት ዝም።

ከሁሉ የሚያስጠላው ምን እንደሆነ ልንገርህ? ግጥሙ ጥሩ ነው።

ረቡዕ፣ ኦክቶበር 22

ደወልኩላት። የእናትሽ ፀጉር ለሰው አይወጣም፣ ገመና ነው፣ አላህም አይወደውም፣ እንቢ አልኩ። ስለ መኪናው አንድ ቃል አልተነፈስኩ። እሷም አልተነፈሰች። “ኦኬ ጋሼ። አላነብም።” በቃ። አልተከራከረችኝም። እንደ ወትሮው አንተ ዳይኖሰር ብትለኝ ምን ነበረበት?

እህቴን ሞታም መሸሸጊያ አደረግኋት። ከሻሿ ጀርባ ተደበቅሁ። ያንን የጥርስ ሳሙና ሰውዬ ሰድቤዋለሁ፣ እሱ ግን ቢያንስ የወደቀውን አነሳ።

ሐሙስ

ምንም አላነበብኩም። ሥራ ላይ ሳጥን በሳጥን ላይ ስደረድር ዋልኩ። አንዱ ልጅ ምነው ዛሬ ቀልድ የለም አለኝ። አልቋል፣ ማዘዝ አለብኝ አልኩት።

ዓርብ፣ ኦክቶበር 24። ጧት

እሷ ሳትደውል እኔ ደወልኩ። እትዬ፣ ምርቃቱን ቆይ፣ መጀመሪያ ስሚኝ አልኳት። ነገርኳት። መኪናውን፣ ሁለቱን ሰዓት፣ ውሸቱን። ስልኩ የተቋረጠ መሰለኝ። ሃሎ፣ ሃሎ አልኩ።

“አለሁ” አለችኝ። “እንግዲህ የሦስት ዓመት ምርቃቴን መልስ።”

ልስቅ ስል ማልቀሷን ሰማሁ። ቀጥላ፣ መኪና ውስጥስ ቀርተህላታል ወይ ብላ ጠየቀች። ጀመርኩት፣ መሐል ላይ ይጠፋኛል፣ እንደገና ከመጀመሪያው፣ እንደገና ከመጀመሪያው አልኳት። ተቀየምኩህ አለች። ይቅር አልኩህ አላለችም። ጉልበቷንም እንድጠይቃት አልፈቀደችም። ዘጋችው። ዛሬ ሳልመረቅ ቀረሁ።

ያው ዕለት፣ ከሰዓት በኋላ

ለሒ. ጻፍኩላት። ሁለት እርማት።

አንደኛ፣ ፀጉሯን ሸፍኚላት። ይኼን የምለው ስለ እናትሽ ነው፣ ስለ እኔ አይደለም። ሻሿ ይበቃል። ሻሽ ትራስ ላይ ካየ፣ የገባው ይገባዋል።

ሁለተኛ፣ ሞተሩ አልበራም ነበር። አሁን እወጣለሁ፣ አሁን እወጣለሁ እያልኩ አጥፍቼዋለሁ። ጃንዋሪ ነበር። ጭስ ብለሽ የጻፍሽው መስታወቱ ላይ ያለው የእኔ ትንፋሽ ነው። ይታረም። ሌላውን እንዳለ ተዪው። አንብቢው።

መለሰች። “ኮልድ ነበር ማለት ነው?” ብቻ። በጣም አልኳት።

ከዚያ ሌላ መጣ፦ ነገ ሳነብ እባክህ ጋሼ ድምፅ እንዳታሰማ፣ ማንንም እንዳታጽናና። አልማልኩላትም። ጣት ግን አላስጮህም፣ እሱ ነገር እስከ መቃብሬ ያስጠላኛል።

ፊት ወንበር ላይ እቀመጣለሁ። ፍራንክሊንተን ቅዳሜ መኪና ማቆሚያ አይገኝም ይላሉ። ሁለት ሰዓት ቀድሜ እወጣለሁ።