የአያታችን ስም ለማን ደረሰ

ለውድ ወንድሜ ለዐብዱልዓዚዝ መሐሙድ፤

አሰላሙ ዓለይኩም ወራሕመቱላሂ ወበረካቱህ። ከሁሉ አስቀድሞ የናፍቆት ሰላምታዬ ከድሬዳዋ ተነሥቶ ያንን ሁሉ ባሕር ተሻግሮ ባለህበት ይድረስህ። ጤናህ እንዴት ነው? ባለቤትህ ዱኒያስ እንዴት ናት? የወገብ ሕመሟ ተሻላት ወይ? ልጃችሁ ኢስታርስ አደገች? የኖርዌይ ብርድ አሁንም ጣታችሁን ያደነዝዛችኋል ወይስ ለመዳችሁት? እኛ አልሐምዱሊላህ ደኅና ነን። ሙቀቱ እንደምታውቀው ነው፤ ከቀትር በኋላ ከተማው በሙሉ ጋደም ይላል፣ ሲመሽ ነፍስ ይዘራል።

ባለቤቴ ናስቲሆ ወንድ ልጅ መገላገሏን በስልክ ነግረንሃል። ስሙን ለምን እንዳልነገርንህ ደጋግመህ ጠይቀሃል። የከለከልኳቸው እኔ ነኝ። አባባ አጠገቤ ተቀምጦ እያዳመጠ የሚነገር ነገር አይደለም፤ ኔትወርኩም መሀል ላይ ይቆረጥና ግማሹን ሰምተህ ትቀራለህ። ስለዚህ ይህን ደብዳቤ ከናንተ ዘንድ ለዘመድ ጥየቃ መጥታ ለነበረችውና አሁን ለምትመለሰው ለድሮ ጎረቤታችን ለዓምራን ሰጠሁ። እጅህ ላይ እንጂ ዱኒያ እጅ ላይ እንዳትጥለው አደራ ብያታለሁ።

እውነቱን ልንገርህ ወንድሜ፤ ቀንቼብሃለሁ። በቤትህና በመኪናህ እንዳይመስልህ። በረዶ እየተጠረገ የሚነዳ መኪና ለጠላቴም አልመኝ። የቀናሁት በስም ነው።

ነገሩን የጀመረው ኢስታር ትምህርት ቤት ስትሸለም የላክህልን ቪዲዮ ነው። መምህሯ መድረክ ላይ ቆማ «ኢስታር ኩልሚዬ» ብላ ስትጠራት አባባ ስልኩን ከእጄ ነጠቀኝ። እንደገና ክፈትልኝ አለ፣ ከፈትኩለት። እንደገና አለ። እንባው መጣ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ስልኬ የእኔ መሆኑ ቀረ። ከሰዓት በኋላ ጫት ይዘው በርጫ ለሚቀመጡ ጓደኞቹ ሁሉ እየዞረ አሳየ፣ ልጄ የአባቴን ስም ባሕር አሻገረው እያለ። ሱቅ ልሄድ ስል ስልኬን ለምኜ ነው የምቀበለው።

አንተ ደግሞ ያሻገርከው አስበህበት አይደለም፤ ያጫወትከን አንተው ነህ። እዚያ እንደደረስክ ፓስፖርትህ ላይ ሦስት ስም አዩና የመጨረሻው የቤተሰቡ መጠሪያ ነው ብለው መዘገቡት፣ አንተም ቋንቋው ስላልገባህ ራስህን ነቀነቅክ። በእኛ አቆጣጠር ኢስታር ኩልሚዬ ማለት የአያታችን የኩልሚዬ ልጅ ማለት ነው። የአባባ እኅት ኤዶ ፋዱሞ ይህን ስትሰማ በዚህ ዕድሜዬ እኅት ተወለደችልኝ ብላ ሆዷን ይዛ ሳቀች። ዱኒያም በዚያው ዱኒያ ኩልሚዬ ተብላ መጻፏን ስነግራት፣ እንግዲያው ዐብዱልዓዚዝ አክስቱን አግብቷል፣ ቶሎ ሸኽ ይጠየቅ አለች። ግቢው በሙሉ ሳቀ። እኔም አብሬ ሳቅኩ፤ ሆዴ ግን አልሳቀም።

የእኔዋ ኪንሲ ትምህርት ቤት ስትመዘገብ ኪንሲ በሺር መሐሙድ ተባለች፣ እዚያው ላይ አለቀ። እዚህ ሦስተኛው ስም የአያት ነው፤ ለቅድመ አያት ቦታ የለም። አያታችን ገጠር ዋሂል ላይ ታሞ ሲተኛ በአይሱዙ ጭኜ ወደ ከተማ ያመጣሁት እኔ ነኝ። መቃብሩ ውስጥ ወርጄ ያስተኛሁትም እኔ ነኝ። ስሙ ግን ከእኔ ልጅ ላይ ወደቀና ጺሙን እንኳ አይታ በማታውቅ ልጅ ላይ አረፈ። ኪንሲ ከራሷ ጀምራ የአባቶቿን ስም አንድ በአንድ እየጠራች ወደ ላይ ስትወጣ ትንፋሽ አያጥራትም። ቀናሁ ብዬህ የለ፣ እንዲሰማልኝ አባባ ፊት አቁሜ አስባልኳት። ሰምቶ ሲጨርስ ማሻአላህ አለና፣ በል ያንን ቪዲዮ ክፈትልኝ አለኝ። ላም አለኝ በሰማይ ማለት ይሄ ነው፤ ወተት የምትሰጠዋ እግሩ ሥር ቆማለች።

አያታችን ስሙን እንዴት እንዳገኘ ታስታውስ ይሆን? በአንድ የውኃ ጉድጓድ ተጣልተው የኖሩ ሁለት ቤተሰቦች በታረቁበት ቀን ተወለደና፣ ሰብሳቢያችን፣ አገናኛችን ሲሉ ኩልሚዬ አሉት። ያ ስም ዛሬ እኔንና አንተን ሊያጣላ ደረሰ። የእኔ ስም ደግሞ ከዚያ የባሰ ታሪክ አለው። በሺር የምሥራች ነጋሪ ማለት ስለሆነ በመወለዴ ደስ ብሏቸው ያወጡልኝ ይመስለኝ ነበር። በአምናው ረመዳን ኤዶ ፋዱሞ እንደ ቀልድ አድርጋ እውነቱን አወጣችው። ለካ አንተ ሕፃን ሆነህ ትኩሳት ይዞህ ልትሞት ደርሰህ ኖሯል። እኔ በተወለድኩበት ቀን ትኩሳቱ ለቀቀህ፣ ምሥራቹም ያ ነበር። ስምን መልአክ ያወጣዋል ይባላል፤ የእኔን ያወጣው ያንተ ትኩሳት ነው። ያን ቀን ሾርባዬን ሳልጨርስ ተነሣሁ።

ስለዚህ ናስቲሆ ስታረግዝ፣ ወንድ ከሆነ ኩልሚዬ ነው ብዬ ቁርጤን አስታወቅሁ። ሰው እንዳይቀድመኝ ብዬ ታይዋን ገበያ ያለው ሱቄ ላይ «ኩልሚዬ ኤሌክትሮኒክስ» የሚል ሰሌዳ አሠርቼ ሰቀልኩ። ደንበኞቼ ግን ከሰሌዳው ሥር ቆመው አሁንም በሺር ቻርጀር እያሉ ይጠሩኛል። ድሬ አንዴ ያወጣልህን ስም በቀለም አትሸፍነውም።

ልጁ ተወለደ፣ ሰባተኛው ቀንም ደረሰ። በግ ታረደ፣ ጎረቤት ተሰበሰበ። በቤታችን ስም የሚያወጣው ትልቁ ሰው እንደሆነ ታውቃለህ። አባባ የእኔን ፍላጎት እያወቀ ስላልተቃወመ ነገሩ አልቋል ብዬ ነበር። ልጁን ተቀብሎ ጭኑ ላይ አስተኛው፣ ዱዓ አደረገ፣ ወደ ጆሮው ጎንበስ ብሎ የሆነ ነገር አለው። ከዚያ ቀና አለና ለሁላችን ድምፁን ከፍ አድርጎ ተናገረ።

«ዐብዱልዓዚዝ።»

የሥጋ ሳሕን ይዤ እንደቆምኩ ቀረሁ። አባባ፣ ኩልሚዬ ብለን ነበር እኮ አልኩት፣ እንግዶቹ እንዳይሰሙ ቀስ ብዬ። እሱ ግን ድምፁን አልቀነሰልኝም።

«ኩልሚዬ የሚጠራው ሰው አግኝቷል። በዚህ ግቢ ሳይጠራ የቆየው ዐብዱልዓዚዝ ነው።»

ሴቶቹ እልል አሉ፣ ሰዉም መብላት ጀመረ። እንግዲህ አንተው ፍረደኝ። አያቴን ወሰድክ። የእኔ ስም ያንተ የመዳን ወሬ ነው። አሁን ደግሞ የገዛ ልጄ አንተን ሆነብኝ። ሲመዘገብ ዐብዱልዓዚዝ በሺር መሐሙድ ተብሎ ነው የሚጻፈው፤ እዚያም ላይ ከፊቴ ቆመሃል።

ብዙ ቀን በስሙ አልጠራሁትም። ልጁ ተኛ? ልጁ ጠባ? ነው የምለው። ናስቲሆ ያኮረፍከው ልጅህን ነው ወይስ ወንድምህን ብላ ጠየቀችኝ።

ባለፈው ዓርብ ግን ከጁምዓ ተመልሼ በር ላይ ጫማዬን ሳወልቅ አንድ ነገር አየሁ። አባባ ግቢው ውስጥ ኒሙ ዛፍ ሥር ሰሌን ላይ እንቅልፍ ወስዶታል። ናስቲሆ ጓዳ ሆና ልጁ ሲያለቅስባት፣ ዐብዱልዓዚዝ፣ በቃ መጣሁ ብላ ተጣራች። አባባ ብንን ብሎ ተነሣ። ሽርጡን አጠበቀ፣ በእግሩ እየዳሰሰ ጫማውን ፈለገ፣ ዓይኑ የውጭውን በር እያየ «መጣ እንዴ?» አለ።

ናስቲሆ ልጁን ታቅፋ ወጣችና አሳየችው። አየው፣ ፈገግ አለለት፣ ጫማውን መልሶ አወለቀና ፊቱን ወደ ግንቡ አዙሮ ተኛ።

አልዋሽህም፣ ያኔም ቀናሁ። እኔ በቀን ስንቴ ስጠራ ጫማውን የፈለገልኝ የለም፤ እዚሁ ነኛ። ግን አባባ ቪዲዮውን የሚያስደጋግመኝ ለምን እንደሆነ ያን ቀን ገባኝ። ቪዲዮው መጨረሻ ላይ ስታጨበጭብ ጥግ ላይ ትታያለህ።

ኩልሚዬን ውሰደው፣ ትቼልሃለሁ። ሰሌዳውንም ከፈለግህ አውርጄ እልክልሃለሁ። አንድ ነገር ብቻ እለምንሃለሁ። አባባ ጫማውን ፈልጎ ማድረግ ሳያቅተው ና። ያ ስም በግቢያችን ሲጠራ አንድ ቀን አንተው ራስህ አቤት በል።

ናስቲሆ ለዱኒያ ብዙ ሰላም ብላለች፤ ለወገቧ የሚሆን ቅባት በዓምራን እጅ ልካላታለች። ኪንሲ ለኢስታር ሰላምታዋን ታቀርባለች፤ ስትመጣ የአባቶቿን ስም እስከ ላይ አስተምራታለሁ፣ መጀመሪያ ግን ከአክስትነት ትውረድልኝ ብላለች። ኤዶ ፋዱሞ እኅቴን በሁለቱም ጉንጯ ሳሙልኝ ትላለች። አባባ ይህን ስጽፍ አይቶኝ ለማን ነው አለኝ፣ ነገርኩት። ሄዶ ፊቱን ታጠበና መጥቶ አጠገቤ ተቀመጠ። ትንሹም ሰላም ይልሃል። ዛሬ ጠዋት ለመጀመሪያ ጊዜ በስሙ ጠራሁት፤ አባባ ዛሬም ቀና አለ።

ወንድምህ በሺር መሐሙድ ኩልሚዬ

ድሬዳዋ፣ ነሐሴ 11 ቀን 2017 ዓ.ም.